ብራውዘሩ አሮጌውን አድራሻ ለምን አይለቅም?

በሐዋሳ ለኔትወርክ ሠራተኞችና ለኮምፒውተር ተማሪዎች የቀረበ ንግግር፣ ለንባብ እንዲመች ተስተካክሎ የተጻፈ

ክቡራትና ክቡራን፣ እንደምን አመሻችሁ።

በዚህ አዳራሽ የተቀመጣችሁት አብዛኞቻችሁ በሐይቁ ዳር ባሉት ሆቴሎች፣ በኮሌጆች፣ በኢንዱስትሪ ፓርኩና በመሥሪያ ቤቶች ውስጥ ኔትወርክ የምትጠብቁ ወይም ነገ ለመጠበቅ የምትማሩ ስለሆናችሁ፣ የዛሬውን ጉዳይ ከሩቅ ማስተዋወቅ አያስፈልገኝም። አንድን የውስጥ ስም ከአንድ አይፒ አድራሻ ወደ ሌላ ታዛውራላችሁ፤ ዲኤንኤስ ሰርቨሩ (ስምን ወደ አይፒ አድራሻ የሚፈታው ማሽን) ወይም ሆስትስ ፋይሉ (በኮምፒውተሩ ውስጥ ያለው የስሞችና የአድራሻዎች ዝርዝር) ላይ የጻፋችሁት ትክክል ነው፤ አጠገባችሁ ያለው ኮምፒውተር አዲሱን ገጽ ያያል፤ የእናንተው ብራውዘር ግን አሮጌውን እያሳየ ይቀመጣል። ሪፍሬሽ ታደርጋላችሁ፣ ብራውዘሩን ዘግታችሁ ትከፍታላችሁ፣ በመጨረሻም ኮምፒውተሩን አጥፍታችሁ ታበራላችሁ። ሲነሣ ችግሩ የለም፤ ለምን እንደጠፋ ግን የሚያውቅ ስለሌለ፣ በሚቀጥለው ጊዜ ያው ሥራ ከመጀመሪያው ይደገማል።

እኔ ዛሬ የምለው አንድ ነገር ነው። ብራውዘሩ ለውጡን አልቀበልም አላለም፤ ከብራውዘሩ እስከ ዲኤንኤስ ሰርቨሩ ባለው መንገድ ላይ ካሉት መልስ ሰጪዎች አንዱ ቀድሞ ከያዘው መልሷል። የትኛው እንደመለሰ ሳይለዩ ያገኙትን ሁሉ ማጽዳት ጊዜ ከመብላቱም በላይ፣ ከሁሉ የሚዘነጋውን ጥፋተኛ፣ ማለትም ጨርሶ ካሽ (ለጊዜው የተያዘ መልስ ማስቀመጫ) ያልሆነውን ክፍት ግንኙነት፣ ሳይነካ ያልፋል።

ነገሩ መሬት እንዲይዝልን አንድ ሆቴል እናስብ። የክፍል ማስያዣ ፕሮግራሙ የሚሠራው ግቢው ውስጥ ባለ ሰርቨር ላይ ነው፤ ስሙ «ክፍል.ሆቴል.ቴስት»፣ አድራሻው 192.168.1.10 ነው። ማሽኑ ስላረጀ አዲስ ተገዝቶ 192.168.1.20 ላይ ተተክሏል፤ የስሙ መዝገብም ተቀይሯል። ሥራ አስኪያጁ መጥተው «አንተ ልጅ፣ ተዛውሯል ብለኸኝ አልነበር? እንግዳ መቀበያው ላይ እኮ የትናንቱ ነው የሚታየው» ይላሉ፤ ልጁም «ጋሼ፣ እኔ ጋ አዲሱ ነው የሚመጣው» ይላል። ሁለቱም እውነታቸውን ነው።

ታሪኩን በአጭሩ ልለፈው። ኢንተርኔት አርፓኔት በሚባልበት ዘመን የኮምፒውተሮች ስምና አድራሻ የሚገኘው በአንድ የጽሑፍ ፋይል ውስጥ ነበር፤ ፋይሉም በካሊፎርኒያ በስታንፎርድ የምርምር ተቋም፣ በኤሊዛቤት ፋይንለር ይመራ በነበረው የመረጃ ማእከል እየተዘጋጀ ይሰራጭ ነበር። ኮምፒውተሮቹ ሲበዙ ፋይሉን ማደስም ማከፋፈልም ስላልተቻለ፣ ፖል ሞካፔትሪስ እ.ኤ.አ. በ1983 ዛሬ ዲኤንኤስ የምንለውን ሥርዓት ነደፈ፤ አሁንም የምንሠራበት ደንብ እ.ኤ.አ. በ1987 ወጣ። አሮጌው ፋይል ግን አልሞተም፤ ሆስትስ በሚል ስም ዛሬም በየኮምፒውተራችን ውስጥ አለ፤ በተለመደው አሠራርም ስርዓተ ክወናው ዲኤንኤስ ሰርቨርን ከመጠየቁ በፊት የሚያየው እሱን ነው። ከ1983ቱ ንድፍ ለዛሬው ጉዳያችን የሚያስፈልገን አንድ ነገር ብቻ ነው፤ እያንዳንዱ መዝገብ ቲቲኤል የሚባል በሰከንድ የሚቆጠር ዕድሜ ይዞ ይጓዛል። 300 ከተጻፈ መልሱን የተቀበለ ሁሉ አምስት ደቂቃ፣ 86400 ከተጻፈ አንድ ሙሉ ቀን ይዞ እንዲቆይ ተፈቅዶለታል። መያዙ የሥርዓቱ ጉድለት ሳይሆን ሥርዓቱ የቆመበት ምሰሶ ነው።

አሁን ወደ ምርመራው እንግባ። በመጀመሪያ የሚጠየቀው ዲኤንኤስ ሰርቨሩ ራሱ ነው፤ ለዚህም ኤንኤስሉክአፕ የሚባለውን ትእዛዝ ከስሙ ጋር እንጽፋለን። ሁለተኛ የሚጠየቀው ስርዓተ ክወናው ነው፤ ለዚህ ፒንግ የሚባለው ትእዛዝ ይበቃል። የሁለቱን ልዩነት ብዙ ሰው አያስተውልም። ኤንኤስሉክአፕ ሆስትስ ፋይሉንም የዊንዶውስን ካሽም ሳያይ በቀጥታ ሰርቨሩን ይጠይቃል፤ ፒንግ ግን እንደ ማንኛውም ፕሮግራም በስርዓተ ክወናው በኩል ያልፋል። ስለዚህ ሆስትስ ፋይል ላይ መስመር ጨምሮ በኤንኤስሉክአፕ የሚያረጋግጥ ሰው ለውጡን ፈጽሞ አያየውም፤ ትክክለኛ ሥራውንም አፍርሶ እንደገና ይጀምራል። ኤንኤስሉክአፕ በ20 የሚያልቀውን አዲሱን አድራሻ፣ ፒንግ ደግሞ በ10 የሚያልቀውን አሮጌውን ከሰጠ ጥፋቱ ስርዓተ ክወናው ላይ ነው። ሁለቱም 20 ብለው ብራውዘሩ አሮጌውን ካሳየ ደግሞ ጥፋቱ ብራውዘሩ ውስጥ ነው፤ ከዚያ በኋላ የዊንዶውስን ካሽ መቶ ጊዜ ቢያጸዱ ትርፉ ድካም ነው።

የስርዓተ ክወናው ክፍል ቀላል ነው። ዊንዶውስ ላይ በኮማንድ ፕሮምፕት «አይፒኮንፊግ» ብለን፣ ክፍት ቦታ ትተን፣ ከስላሽ ጋር «ፍለሽዲኤንኤስ» ብለን እንጽፋለን፤ ካሹ ውስጥ ምን እንዳለ አስቀድሞ ማየት የፈለገ ደግሞ በፍለሽ ፋንታ «ዲስፕሌይ» ይላል። እኔ ሁልጊዜ ከማጽዳቴ በፊት አያለሁ፤ ምክንያቱም የተጸዳ ነገር ምስክር አይሆንም። ማክ ላይ «ኤምዲኤንኤስሪስፖንደር» የሚባለውን አገልግሎት በኪልኦል ትእዛዝ ከሀፕ ምልክት ጋር መቀስቀስ፣ ሲስተምዲ በሚጠቀም ሊኑክስ ላይ ደግሞ «ሪዞልቭሲቲኤል» ብሎ «ፍለሽ ካሽስ» ማለት ይበቃል።

ሆስትስ ፋይሉን የምትጠቀሙ ግን ሁለት ነገር ልብ በሉ። ዊንዶውስ ላይ ፋይሉ የሚገኘው በሲስተም32 ፎልደር ውስጥ፣ ድራይቨርስ በሚለው ሥር፣ ኢቲሲ በሚለው ውስጥ ሲሆን፣ ኖትፓድን በአድሚኒስትሬተር ፈቃድ ካልከፈቱት ማስቀመጥ አይቻልም። ያን ጊዜ ሰዉ ፋይሉን ዴስክቶፕ ላይ ያስቀምጥና ወደ ቦታው ይገለብጠዋል፤ ኖትፓድ ግን በስሙ መጨረሻ ላይ ቲኤክስቲ የሚል ቅጥያ ጨምሮበታል፤ ዊንዶውስም በተለመደው ቅንብሩ ቅጥያውን ይደብቃል። በዓይን ሲታይ ሆስትስ ነው፤ ለስርዓተ ክወናው ግን የማያውቀው ሌላ ፋይል ነው። የፋይል ኤክስፕሎረሩን ቅጥያ አሳይ የሚለውን ምርጫ አብርታችሁ ተመልከቱ።

ስርዓተ ክወናውን ካለፍን በኋላ ብራውዘሩ የራሱ ካሽ አለው። ክሮም አድራሻውን ከስርዓተ ክወናው ጠይቆ ሲያገኝ፣ መልሱ ቲቲኤል ይዞ ስለማይመጣለት፣ በራሱ ውሳኔ ለ60 ሰከንድ ይይዘዋል፤ ፋየርፎክስም በመነሻ ቅንብሩ የሚይዘው ለ60 ሰከንድ ነው። ክሮም ላይ ኮንትሮልና ሺፍት ይዞ አር መጫን ይህን አይነካውም፤ እሱ የሚያልፈው የገጹን ምስሎችና ጽሑፎች ካሽ እንጂ የአድራሻውን አይደለም። ክሮም ላይ በአድራሻ መጻፊያው «ክሮም» ብላችሁ፣ ከሁለት ነጥብና ከሁለት ስላሽ በኋላ «ኔት-ኢንተርናልስ» የሚለውን ገጽ ክፈቱና በዲኤንኤስ ክፍሉ ውስጥ ያለውን «ክሊር ሆስት ካሽ» የሚለውን ቁልፍ ተጫኑ፤ ኤጅ ላይ ያው ገጽ «ኤጅ» በሚል መነሻ ይከፈታል። ፋየርፎክስ ላይ ገጹ «አባውት» በሚል ጀምሮ «ኔትወርኪንግ» ይባላል፤ ቁልፉም እዚያው በዲኤንኤስ ክፍሉ ነው።

እንግዲህ አስተዋይ ሰው እዚህ ላይ ይጠይቃል፤ ካሹ 60 ሰከንድ ብቻ ከሆነ፣ የእንግዳ መቀበያው ኮምፒውተር ከጠዋት እስከ ማታ አሮጌውን የሚያሳየው ስለ ምንድነው?

የዛሬው ንግግሬ ዋና ነገር እዚህ ነው። ብራውዘር ከሰርቨር ጋር አንድ ጊዜ ከተገናኘ፣ ለእያንዳንዱ ጥያቄ አዲስ ግንኙነት አይከፍትም፤ የከፈተውን ይዞ ይቆያል። ስም ወደ አድራሻ የሚለወጠው ግንኙነት ሲከፈት ብቻ ነው። ከአንድ ሰው ጋር በስልክ እያወራችሁ ሳለ፣ ስልካችሁ ውስጥ የተመዘገበውን ቁጥሩን ብትቀይሩት ወሬው እንደማይቋረጥ ሁሉ፣ ዲኤንኤሱ ቢለወጥም የተከፈተው ግንኙነት ከ192.168.1.10 ጋር ይቀጥላል። ሥራ የፈታ ግንኙነት በክሮም አምስት ደቂቃ፣ በፋየርፎክስ ሁለት ደቂቃ ገደማ ቆይቶ ይዘጋል፤ ሥራ ያልፈታ ግን አይዘጋም። የማስያዣ ፕሮግራሙ ደግሞ ክፍል መያዙንና መለቀቁን ለማሳየት በየጥቂት ሰከንዱ ሰርቨሩን የሚጠይቅ ከሆነ፣ ያ ግንኙነት ሥራ የሚፈታበት ጊዜ የለውም። ገጹ እንደተከፈተ እስካለ ድረስ አሮጌው መስመር ይኖራል።

ልጁ «እኔ ጋ አዲሱ ነው» ያለው ለዚህ ነው፤ እሱ ገጹን የከፈተው ከለውጡ በኋላ ነው። እንግዳ ተቀባይዋ ግን ጠዋት የከፈተችውን ታብ አልዘጋችም፤ የምትዘጋበትም ምክንያት አልነበራትም።

ክሮምና ኤጅ ላይ መፍትሔው ቅድም በጠቀስኩት ገጽ ውስጥ ሶኬትስ በሚለው ክፍል ነው፤ «ፍለሽ ሶኬት ፑልስ» የሚለው ቁልፍ የተከፈቱትን ግንኙነቶች ይቆርጣል። ካሹን ሳያጸዱ ሶኬቱን መቁረጥ፣ ወይም ሶኬቱን ሳይቆርጡ ካሹን ማጽዳት ግማሽ ሥራ ስለሆነ ሁለቱን አከታትላችሁ አድርጉ፤ መጀመሪያ ካሹን፣ ቀጥሎ ሶኬቱን። በተገላቢጦሽ ከሠራችሁት፣ ሶኬቱ ተቆርጦ ካሹ እስኪጸዳ ባለችው ጥቂት ሰከንድ ውስጥ ገጹ በአሮጌው አድራሻ እንደገና ሊገናኝ ይችላል። ፋየርፎክስ ላይ ቀላሉ መንገድ ብራውዘሩን ሙሉ በሙሉ ዘግቶ መክፈት ነው፤ ሙሉ በሙሉ የምለው ከኋላ የቀረ መስኮት ካለ ፕሮግራሙ ስላልተዘጋ ነው። ክሮምም መስኮቶቹ ሁሉ ተዘግተው ከበስተጀርባ እንዲሠራ የሚፈቅድ ቅንብር ስላለው፣ «ዘግቼ ከፈትኩት» የሚል ሰው ሳይዘጋው ሊሆን ይችላል።

ከዚህ የሚወጣ፣ ብዙዎች የሚሸሹት አንድ ተግባራዊ ምክር አለኝ። አዲሱን ሰርቨር ስንተክል፣ ለጥንቃቄ ብለን አሮጌውን እንደሚሠራ እንተወዋለን። ታዲያ አሮጌው ስለሚመልስ ብራውዘሩ ሌላ ለመፈለግ የሚያበቃ ምክንያት አያገኝም፤ እንግዳ ተቀባይዋ በአሮጌው፣ ሌሎቹ በአዲሱ ስለሚመዘግቡም ምዝገባው ቀኑን ሙሉ በሁለት ዳታቤዝ ላይ ተከፋፍሎ ይውላል። ይህ አሮጌ ገጽ ከማየት የከፋ ነው። አሮጌው ማሽን ይኑር፤ የዌብ አገልግሎቱ ግን በለውጡ ደቂቃ ይቁም። ያን ጊዜ ግንኙነቱ ይቆረጣል፣ ብራውዘሩም አዲስ ለመክፈት ስሙን እንደገና ለመጠየቅ ይገደዳል፤ በየክፍሉ እየዞሩ ቁልፍ መጫንም ይቀራል።

በከተማችን የተለመደ አንድ ዘዴም አለ። ገጹ አልቀየር ሲል ኮምፒውተሩን ከዋይፋዩ አውጥቶ ከስልክ ሆትስፖት ጋር ያገናኙታል፤ ከዚያ ይመልሱታል፤ ይሠራል፤ «ኔትወርኩ ነበር» ይባላል። ኔትወርኩ አልነበረም። ክሮም የኮምፒውተሩ አይፒ አድራሻ መቀየሩን ሲያይ የስም ካሹን ስለሚጥል ነው የሠራው፤ በአሮጌው ዋይፋይ ላይ የተከፈቱት ግንኙነቶችም በመለየታችን ይቋረጣሉ። ዘዴው ትክክል ነው፣ ምክንያቱ ብቻ ስሕተት ነው። የሞባይል ዳታ የሚቆጥብ ሰው ዋይፋዩን አጥፍቶ በማብራት ተመሳሳይ ውጤት ያገኛል።

አምራቾቹ ብራውዘሩን ሆን ብለው ለአድራሻ ለውጥ ቸልተኛ ያደረጉበት ጊዜም ነበር። እ.ኤ.አ. በ1996 የፕሪንስተን ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች፣ በዚያን ዘመኑ ብራውዘር በኔትስኬፕ ናቪጌተር ውስጥ የሚሠራ የጃቫ አፕሌት (ከገጹ ጋር የሚመጣ ትንሽ ፕሮግራም) በዲኤንኤስ መልስ እየተታለለ ከፋየርዎል በስተጀርባ ካሉ ማሽኖች ጋር ሊገናኝ እንደሚችል አሳዩ። የአጥቂው ስም መጀመሪያ የአጥቂውን አድራሻ ይሰጣል፤ ቆይቶ 192.168.1.10ን ይሰጣል፤ ብራውዘሩም ስሙ ያው ስለሆነ ምንም አይጠረጥርም። የመከላከያው መንገድ ብራውዘሩ በመጀመሪያ ያገኘውን አድራሻ አጥብቆ እንዲይዝ ማድረግ ሆነ። ኢንተርኔት ኤክስፕሎረርም ከአራተኛው እትም ጀምሮ አንድን መልስ ለ30 ደቂቃ፣ ከዚያ በፊት ደግሞ ለ24 ሰዓት ይይዝ ነበር። የዛሬዎቹ ወደ አንድ ደቂቃ ስለወረዱ ሥራችን ቀሏል፤ ነገር ግን የካሹን ዕድሜ በፋየርፎክስ ቅንብር ዜሮ አድርገው ለዘለቄታው የሚተዉ ሰዎችን አልደግፍም። ለሙከራ ይሁን፤ ለሰው ኮምፒውተር አይሁን።

ሌላው የምንዘነጋው መንገድ ከሁሉም አዲሱ ነው። እ.ኤ.አ. በ2018 በወጣው ደንብ መሠረት ብራውዘሮች ስምን በኤችቲቲፒኤስ፣ ማለትም በተመሰጠረው የዌብ መንገድ፣ ተጠቅልሎ፣ ከስርዓተ ክወናው ሳይሆን በቀጥታ ከውጭ አገልግሎት መጠየቅ ጀምረዋል፤ ፋየርፎክስ በ2020 ለአሜሪካ ተጠቃሚዎች መነሻ ቅንብር አደረገው፣ ክሮምም በዚያው ዓመት «ሴኪዩር ዲኤንኤስ» በሚል ስም አስገባው። ይህ ሲበራ የግቢያችን ዲኤንኤስ ሰርቨር ጨርሶ ላይጠየቅ ይችላል። የክሮም መነሻ ቅንብር ኮምፒውተሩ የሚጠቀምበትን አገልግሎት ስለማይቀይር ብዙ ጊዜ አይጎዳንም፤ ተጠቃሚው ራሱ ከዝርዝሩ የውጭ አገልግሎት ሲመርጥ ግን ይጎዳናል። ከሁሉ የሚያስቸግረው ደግሞ አንድ ስም ከውጭ አንድ አድራሻ፣ ከውስጥ ሌላ አድራሻ እንዲኖረው የተደረገበት መሥሪያ ቤት ነው። በውጭ የማይታወቅ ስም ቢሆን «የለም» የሚል መልስ መጥቶ ችግሩ ይገለጥ ነበር፤ እዚህ ግን ትክክለኛ የሚመስል የውጭ መልስ ስለሚመጣ፣ ዲኤንኤሱን ስናስተካክል ብንውል ብራውዘሩ ጉዳዩ አይደለም። የትኛውንም ካሽ ከመንካታችሁ በፊት በቅንብሩ የግላዊነትና የደኅንነት ክፍል ውስጥ ይህ መብራቱን እዩ። ፕሮክሲ ወይም ቪፒኤን ባለበትም ስሙን የሚፈታው ሌላ ማሽን ሊሆን ስለሚችል፣ ሆስትስ ፋይላችሁ ላይ የጻፋችሁት ዋጋ ላይኖረው ይችላል።

ዲኤንኤስ የሚመስሉ ግን ያልሆኑ ነገሮችም አሉ። ሰርቨሩ አንድ ጊዜ 301 ብሎ፣ ማለትም «ለዘለቄታው ተዛውሬአለሁ» ብሎ ወደ ሌላ አድራሻ ከመራ፣ ብራውዘሩ ያን ይይዝና ሳይጠይቅ ይሄዳል፤ ይህ በዲኤንኤስ ማጽጃ አይጠፋም፣ የገጽ ካሹ ነው መጽዳት ያለበት። የሙከራ ስም በ«ዴቭ» እንዲያልቅ ያደረጉም፣ ክሮም እ.ኤ.አ. ከ2017 መጨረሻ ጀምሮ ያን ቅጥያ በኤችቲቲፒኤስ ብቻ እንዲከፈት ስላስገደደ፣ አድራሻው ትክክል ሆኖ ሳለ ገጹ አይከፈትላቸውም። ለሆቴላችን «ቴስት» የሚለውን የመረጥኩት ለሙከራ ተብሎ እ.ኤ.አ. በ1999 በደንብ የተከለለ፣ ማንም ሊገዛው የማይችል ቅጥያ ስለሆነ ነው።

ዝውውሩ ገና ያልተደረገ ከሆነ ግን፣ ከሁሉ የሚሻለው አስቀድሞ ቲቲኤሉን ዝቅ ማድረግ ነው። መዝገቡ 86400 ይዞ ከሆነ፣ ከለውጡ ቢያንስ ከአንድ ቀን በፊት 300 አድርጉት፤ በለውጡ ሰዓት ዝቅ ማድረግ ዋጋ የለውም፤ ምክንያቱም አሮጌው መልስ ከነአሮጌው ዕድሜው ቀድሞ ተሰራጭቷል። አዲስ ስም ስትፈጥሩ ደግሞ፣ መዝገቡ ሳይገባ «እስኪ ልየው» ብላችሁ በብራውዘር አትክፈቱት። «ይህ ስም የለም» የሚለው መልስም ራሱ ይያዛል፤ ለምን ያህል ጊዜ እንደሚያዝም የዶሜይኑ መነሻ መዝገብ ይወስናል። በችኮላ የተሞከረ ስም፣ በትክክል ከተመዘገበ በኋላ እንኳን፣ በመካከል ባለው ሰርቨር ለአንድ ሰዓት «የለም» ሊባል ይችላል።

አዲሱን ሰርቨር ዲኤንኤስ ሳይነኩ መሞከር ለሚፈልግ፣ ከርል የሚባለው ፕሮግራም «ሪዞልቭ» በሚል አማራጭ ስሙን፣ ፖርቱንና አድራሻውን ተቀብሎ ለዚያች ጥያቄ ብቻ ይጠቀምበታል። የትም ምንም ስለማይቀመጥ የሚጸዳ ነገርም አይኖርም። ለሆስትስ ፋይል ልምድ ያላችሁ ወደዚህ ብትዞሩ ደስ ይለኛል፤ ለሙከራ የገባ የሆስትስ መስመር ተረስቶ፣ ሰርቨሩ ከወራት በኋላ እንደገና ሲዛወር፣ በዚያ በአንዱ ኮምፒውተር ላይ ብቻ የማይፈታ እንቆቅልሽ ሆኖ ይገኛልና።

በመጨረሻ ስለ ስልኮች፤ ጥያቄው ቅድም ከኋላ ወንበር መጥቶልኛል። አንድሮይድ ላይ ያለው ክሮም ቅድም የተናገርኩትን ገጽ ከነቁልፎቹ ይከፍታል። አይፎን ላይ ያ ገጽ ስለሌለ የአውሮፕላን ሞድን አብርቶ ማጥፋትና ብራውዘሩን ዘግቶ መክፈት ነው የሚቀረን። አንድሮይድ ከዘጠነኛው እትም ጀምሮ «ፕራይቬት ዲኤንኤስ» የሚል ቅንብር አለው፤ አውቶማቲክ ላይ ከሆነ ዋይፋዩ የሰጠውን ሰርቨር ስለሚጠቀም የውስጥ ስሞቻችን ይሠራሉ። ባለቤቱ የአንድ የውጭ አገልግሎት ስም ከጻፈበት ግን፣ ስልኩ ከግቢያችን ዋይፋይ ጋር ተገናኝቶም ስለ «ክፍል.ሆቴል.ቴስት» የሚጠይቀው ያንን የውጭ አገልግሎት ነው፤ እሱም አያውቀውም። እንዲህ ያለ ስልክ ሲገጥማችሁ ሰርቨሩን አትንኩ፤ የስልኩን ቅንብር ወደ አውቶማቲክ መልሳችሁ ገጹን እንደገና ክፈቱት።